ይሄ የአያት ነው የቃሊቲ?

ለገሃር የቀላል ባቡር ጣቢያ ላይ ትንሽ የቆመ ሰው ይህን ጥያቄ ሳይሰማ አይሄድም። ነገሩ የመጣው ከሐዲዱ ነው። በ2008 ዓ.ም. ሥራ የጀመሩት ሁለቱ መስመሮች ከልደታ እስከ ስታዲየም የሚሄዱት በአንድ ሐዲድ ነው። ተግባረ ዕድ፣ ሜክሲኮና ለገሃር የሁለቱም ናቸው። አረንጓዴው ወደ አያት፣ ሰማያዊው ወደ ቃሊቲ የሚለያዩት ስታዲየምን ካለፉ በኋላ ነው። የለመደ ሰው ቀለሙን ከሩቅ አይቶ ይሰናዳል፤ ዓይኑ የደከመና ለከተማው እንግዳ የሆነ ግን አጠገቡ የቆመውን ይጠይቃል።

አንዲት እናት ዘንቢላቸውን እግራቸው ሥር አስቀምጠው፣ ነጠላቸውን እያስተካከሉ፣ "የኔ ልጅ፣ ይሄ የቃሊቲ ነው?" አሉ። ወጣቱ ማዳመጫውን ከጆሮው ነቀለ። "አይደለም እማማ፣ የአያት ነው።" ሊሳፈር አንድ እግሩን ካነሳ በኋላ ዞር ብሎ፣ ደብተር የታቀፈችውን ተማሪ፣ "እህት፣ እሳቸውን ቃሊቲው ላይ ታሳፍሪያቸዋለሽ?" አላት። ራሷን ነቅንቃ እሺ አለችው። በሩ ተዘጋ። ሰማያዊው ሲመጣ ዘንቢሉን ያነሳችው እሷ ናት። ሦስቱም አይተዋወቁም። እኔ በዚህች ከተማ ካየኋቸው መልካም ነገሮች ውስጥ ይህን ከፊት አስቀምጠዋለሁ።

መጠበቁ ሲረዝም ሰው ይቀራረባል። "ቆየ አይደል?" ይላል አንዱ፤ ስለ ዝናብ፣ ስለ ሽንኩርት ዋጋ ይወራል። ባቡሩ ሲደርስ ወሬው እዚያው ይቋረጣል፤ "ደህና ዋሉ" የሚለው ጥቂቱ ነው።

ለገሃር ለስንብት አዲስ አይደለም፤ ከይሁዳ አንበሳ ሐውልት ባሻገር አሮጌው የጅቡቲ ባቡር ጣቢያ አለ። ከጅቡቲ 784 ኪሎ ሜትር አቋርጦ የመጣው ሐዲድ አዲስ አበባ የደረሰው በ1909 ዓ.ም. ነበር። ስንት ሰው እዚያ ተቃቅፎ ተለያይቷል! ዛሬ የጅቡቲው ባቡር መነሻ ከከተማው ዳር፣ ፉሪ ለቡ ነው፤ ለገሃር ላይ የሚጠበቀው የከተማው ባቡር ብቻ ሆኗል።

እባክዎ፣ እዚያ ቆመው የሚጠይቅዎ ሰው ካለ ስልክዎን ዝቅ አድርገው ይመልሱለት። ተሳስቶ ከተሳፈረም ስታዲየም እንዲወርድ ይንገሩት፤ ከዚያ በኋላ መንገዱ ይለያያል።