ከጭላሎ ማዶ እስከ ጎበሳ፤ ስለ ሁለቱ ሰንበታትና ስለ ሥሩ

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በአዳማ በኩል ወደ አርሲ የሚጓዝ መንገደኛ 175 ኪሎ ሜትር ያህል ከሄደ በኋላ አሰላ ይደርሳል። አሰላ ከ4000 ሜትር በላይ ከፍ ባለው በጭላሎ ተራራ ጥግ የተቀመጠች ከተማ ናት። ሰማዩ በጠራ ጊዜ ወደ ምዕራብ ዘወር ብሎ ለሚመለከት ሰው የስምጥ ሸለቆው ሜዳና የዝዋይ ባሕር ከታች ተዘርግተው ይታዩታል። ከአርሲ ተራሮች የሚወርደው የካታር ወንዝም ውሃውን የሚያገባው ወደዚሁ ባሕር ነው። የሽርካ ወረዳ ዋና ከተማ የሆነችው ጎበሳ ግን ከተራሮቹ ወዲያ፥ ወደ ደቡብ ምሥራቅ ትገኛለች። የዚያ አገር ውሃ ወደ ዋቤ ሸበሌ ይወርዳል፤ ዋቤም አርሲን ከባሌ የሚለይ ወንዝ ነው።

የጎበሳ አገር ደጋ ነው። ገብስና ስንዴ ይዘራበታል፤ የአርሲ ሰው በፈረስ ወዳድነቱ የታወቀ ስለ ሆነ ፈረስ ከመንገዱ አይታጣም። የሕዝቡ አፍ አብዛኛው ኦሮምኛ ነው። ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በአንድ ገበያ ይገበያያሉ፤ በኀዘንና በደስታም ይጠያየቃሉ። አርሲ በ1886 በአውሮፓ አቆጣጠር ከሸዋ መንግሥት ጋር ካደረገው ጦርነት በኋላ አብያተ ክርስቲያናት በዚህ ደጋ በዝተዋል። (በዚህ ጽሕፈት የሚገኙት ዓመታት፥ ሌላ ካልተባለ በቀር፥ ሁሉም በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) እንግዲህ ዓርብ የአንዱ ጎረቤት የጸሎት ቀን ሲሆን፥ ቅዳሜና እሑድ የሌላው ናቸው። በዚህ ላይ ከሌላ ክርስቲያን አገር የመጣ እንግዳ አንድ ነገር ይጠይቃል፤ ይኸውም፦ «ክርስቲያን እሑድን ያከብራል፤ እናንተ ቅዳሜን ደግሞ ማክበራችሁ ስለ ምን ነው? ይህ የአይሁድ አይደለምን?» የሚል ነው።

ጥያቄው አዲስ አይደለም። በገዛ ቤተ ክርስቲያናችንም ውስጥ ከመቶ ዓመት ያላነሰ ጽኑ ክርክር ያስነሣ ነገር ነው። አባ ኤዎስጣቴዎስ ሁለቱም ሰንበታት ይከበሩ ብለው ስላስተማሩ ተሰደዱ፤ በ1352ም ከአገራቸው ርቀው በአርመን ምድር ዐረፉ። ከግብፅ የሚሾሙት ጳጳሳት ቅዳሜን ማክበር ወደ አይሁድ ልማድ መመለስ ነው ይሉ ስለ ነበር፥ ደቀ መዛሙርታቸው ክህነት ተከልክለው ብዙ መከራ ተቀበሉ። በ1404 አፄ ዳዊት እንደ ሥርዓታቸው እንዲኖሩ ፈቀዱላቸው። በመጨረሻም በ1450 አፄ ዘርዐ ያዕቆብ በደብረ ምጥማቅ ጉባኤ ሰብስበው፥ ጳጳሳቱ አባ ሚካኤልና አባ ገብርኤል ባሉበት፥ ቅዳሜና እሑድ ሁለቱም እንዲከበሩ ተወሰነ። ሥልጣን ያለው ሰው ይህን ታሪክ ቢያስተውል አንድ ነገር ይማርበታል፤ ትናንት የተነቀፈውና የተሰደደው ትምህርት ከአንድ ትውልድ በኋላ የአገር ሥርዓት ሊሆን ይችላልና።

ክርክሩ ከውጭ የመጣው ደግሞ የኢየሱሳውያን ማኅበር መልእክተኞች ወደ ኢትዮጵያ በገቡ ጊዜ ነው። እነርሱ የኢትዮጵያን ክርስቲያኖች በአይሁድ ልማድ ከሰሱ። አፄ ገላውዴዎስም በ1555 ሃይማኖታቸውን በጽሑፍ ገልጠው መልስ ሰጡ። የመልሱ ፍሬ ነገር ይህ ነው፦ ቅዳሜን የምናከብረው ውሃ ባለመቅዳትና እሳት ባለማንደድ አይደለም፤ ቍርባን በማቅረብና በፍቅር ማዕድ ነው። ግዝረትም የአገር ልማድ እንጂ የመዳን መንገድ አይደለም፤ የእሪያን ሥጋ መተውም ሕግ አስገድዶን አይደለም፥ የወደደ ይበላል፥ ያልወደደ ይተዋል። ንጉሡ ልማዱን አልካዱም፤ ነገር ግን መዳን በክርስቶስ እንደ ሆነ በግልጥ ለይተው አስረዱ።

ይህ የነገሥታትና የሊቃውንት ነገር ብቻ እንዳይመስለን ወደ ቤታችን እንመልከት። ወንድ ልጅ በስምንተኛው ቀን ይገረዛል። ወንድ በ40፥ ሴት በ80 ቀን ክርስትና ይነሣሉ፤ ቍጥሩ የተገኘው ኦሪት ዘሌዋውያን ለወለደች እናት ከደነገገው የመንጻት ቀን ነው። በዐቢይ ጾም እናቶቻችን ቅዳሜና እሑድ ከሥጋና ከወተት ይከለከላሉ እንጂ እስከ ተሲዓት አይጾሙም፤ ሰንበት በጾም አይዋልምና። ከዓመቱ ቅዳሜዎች ሁሉ በጾም የሚታሰበው ጌታ በመቃብር የዋለበት ቅዳሜ አንድ ብቻ ስለ ሆነ፥ ስሙም «ቀዳም ሥዑር» ተባለ፤ የተሻረ ቅዳሜ ማለት ነው። ወደ ቤተ ክርስቲያን ስንገባ ጫማ ማውለቃችን እግዚአብሔር ሙሴን በቍጥቋጦው አጠገብ ያዘዘውን ያስታውሳል። ቤተ ክርስቲያኑም ቅኔ ማኅሌት፥ ቅድስትና መቅደስ ተብሎ በሦስት መከፈሉ የሰሎሞንን ቤተ መቅደስ ይመስላል።

ከሁሉ የሚበልጠው ግን ታቦቱ ነው። ከአሰላ ከፍታ የሚታየው የዝዋይ ባሕር በደሴቶቹ መካከል ደብረ ጽዮን የምትባል ደሴት አለችው፤ የአገሩ ሰዎች ቱሉ ጉዶ ይሏታል። አባቶች እንደሚናገሩት፥ ዮዲት አክሱምን ባጠፋች ጊዜ ካህናቱ የጽዮንን ታቦት ይዘው ሸሽተው በዚህች ደሴት አቆዩአት። በትውፊት ደግሞ ዮዲት የአይሁድን ሃይማኖት የያዘች ንግሥት ነበረች ይባላል። እንግዲህ ነገሩን አስተውሉ፤ በዚህ ትረካ የእስራኤልን ታቦት የሚያሳድደው የእስራኤልን እምነት የያዘ ሰው ነው፤ ታቦቷን ተሸክሞ የሚሸሸው ደግሞ ክርስቲያኑ ነው። ትረካው እንዲህ ሁለቱን ወገኖች በአንዲት ታቦት ላይ ያጣላቸዋል። ሆኖም በአንድ ነገር የሚጣሉ ሰዎች የአንድ አባት ርስት የሚካፈሉ ወንድማማቾች መሆናቸውን ደግሞ ያስረዳል። እኛ ዘንድ ታቦቱ የክርስቶስ ሥጋና ደም የሚከብርበት ጽላት ነው። ስሙ ከእስራኤል የመጣ ነው፤ በላዩ የሚቀርበው መሥዋዕት ግን አዲስ ኪዳን ነው። ከአይሁድ ጋር የሚያገናኘንም የሚለየንም በዚህ በአንዱ ነገር ተጠቃሎ ይገኛል።

መጻሕፍትም እንዲሁ ናቸው። መጽሐፈ ሄኖክና መጽሐፈ ኩፋሌ ከክርስቶስ ልደት በፊት በአይሁድ መካከል የተጻፉ ሲሆኑ፥ ዛሬ ሙሉ ሆነው የሚገኙት በግዕዝ ብቻ ነው። አውሮፓውያን መጽሐፈ ሄኖክን ጠፍቶ ቀረ ይሉት ነበር፤ ጄምስ ብሩስ የተባለው እስኮትላንዳዊ መንገደኛ ከኢትዮጵያ በ1773 እስከ ወሰደላቸው ድረስ። ከ1947 ጀምሮም በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻዎች የሄኖክ ቍራጭ በአራማይክ፥ የኩፋሌም ቍራጭ በዕብራይስጥ ተገኘ። ባለቤቱ የጣለውን ዕቃ ጎረቤቱ በአደራ ጠብቆ እንዳቆየለት ያለ ነገር ነው።

ነገር ግን ከአይሁድ ሥር ይህን ያህል የተቀበለ ሕዝብ፥ በአገሩ ውስጥ ያንኑ ሥር ይዘው የኖሩትን ቤተ እስራኤልን እንዴት ያዛቸው? በስሜን፥ በወገራና በደንቢያ ይኖሩ የነበሩት እነዚህ ወገኖች ኦሪትን በግዕዝ ያነቡ ነበር፤ ካህናቶቻቸውን ቄስ ይሉ ነበር፤ መነኮሳትም ነበሯቸው፤ ቅዳሜንም አጥብቀው ያከብሩ ነበር። ከአፄ ይስሐቅ እስከ አፄ ሱስንዮስ ድረስ በብዙ ጦርነት ከተሸነፉ በኋላ ርስት አጡ። ስለዚህ በብረት ሥራ፥ በሸክላ፥ በሽመናና በግንብ ሥራ ይኖሩ ጀመር። ጎረቤታቸው የሠሩትን ማረሻና ምጣድ ይገዛ ነበር፤ ሠሪዎቹን ግን «ቡዳ» እያለ ይሸሻቸው ነበር። እኛ እንደ ክብር የቈጠርነው ቅዳሜ በእነርሱ ላይ ሲታይ ነውር ተደርጎ ተቈጠረ።

በ1984 መጨረሻና በ1985 መባቻ 8000 ያህል ቤተ እስራኤል በሱዳን በኩል ወደ እስራኤል ተወሰዱ፤ ብዙዎችም በመንገድና በመጠለያ ሞተው ቀሩ። በ1991ም በግንቦት ወር ከ14000 የሚበልጡ ሰዎች በ36 ሰዓት ያህል ጊዜ ውስጥ በአውሮፕላን ከአዲስ አበባ ሄዱ። ዛሬ በእስራኤል አገር ሽማግሌ ቄሶቻቸው ኦሪትን በግዕዝ ያነባሉ። ስግድ የሚባለው በዓላቸውም ከ2008 ጀምሮ የዚያ መንግሥት በዓል ሆኗል። በእኛ ዘንድ «የእስራኤል ወገን» ተብለው የተናቁት በዚያ ደግሞ «ኢትዮጵያውያን» ተብለው መታወቃቸው የሚያሳዝንም የሚያስተምርም ነገር ነው።

ሐዋርያው ጳውሎስ ወደ ሮሜ ሰዎች በጻፈው መልእክት በምዕራፍ 11 ከአሕዛብ ያመነውን ሰው በወይራ ላይ በተዳቀለ የበረሃ ወይራ ይመስለዋል። የተዳቀለው ቅርንጫፍ በሌላው ላይ እንዳይመካም ይገሥጸዋል፤ ሥሩን የሚሸከመው እርሱ አይደለምና። እኛ በክርስቶስ መሲሕነት እናምናለን፤ አይሁድ አያምኑም፤ ይህን ልዩነት መሸፈን ለእውነት አይረዳም። ልዩነቱን በግልጥ መናገር ግን አንድ ነገር ነው፤ ሰውን በሥሩ መናቅ ደግሞ ሌላ ነው።

በጎበሳ ቤተ እስራኤል አልኖሩም። ይሁን እንጂ ብረት ቀጥቃጩንና ሸክላ ሠሪውን የመናቅ ልማድ በአማራውም በኦሮሞውም አገር የኖረ ነው። የገብሱ እርሻ የሚታረሰው በቀጥቃጩ ማረሻ ነው፤ እንጀራውም የሚጋገረው በሸክላ ሠሪዋ ምጣድ ነው። አፄ ምኒልክ በእኛ አቆጣጠር በ1900 ባወጡት ዐዋጅ ሠራተኛን በሥራው የሚሰድብ ሰው እንዲቀጣ አዝዘው ነበር። ዐዋጅ አፍን ሊዘጋ ይችላል፤ ልብን ማስተማር ግን የአባትና የእናት ሥራ ነው።

ስለዚህ የቤት ጌቶችና እመቤቶች ሆይ፥ ልጃችሁ «ቅዳሜን የምናከብረው ለምንድር ነው?» ብሎ ሲጠይቃችሁ፥ ከአባቶቻችን የወረስነው ነው ብላችሁ አትተዉት። ከእስራኤል የተቀበልነው፥ በክርስቶስ የተፈጸመልን፥ በቍርባንና በምጽዋት የምናከብረው ነው ብላችሁ ንገሩት። ያንን ቀን ከእኛ በፊት ያከበሩትንም፥ በእጃቸው ሠርተው ያረሱልንንና የጋገሩልንንም በክፉ ስም እንዳይጠራ አስተምሩት። ሥሩን እያከበረ የሥሩን ልጆች የሚሰድብ ሰው ሰንበቱን ቢጠብቅም ገና አላከበረውም።