ያለ ብረት የተሠራው ሰዓት

የ2018 ዓ.ም. ጾመ ነነዌ መግቢያ ጥር 25 ነው፤ ፋሲካ ደግሞ ሚያዝያ 4። ይህን ለማወቅ ስልክ መክፈት አያስፈልግም። በሞጣም ሆነ በቢቸና፣ በየጥኖራም ሆነ በዲማ ጊዮርጊስ፣ ባሕረ ሐሳብ የተማረ ሰው በጣቶቹ ቆጥሮ ይደርስበታል።

ስሌቱ እንዲህ ነው። 5500 ዓመተ ፍዳ ላይ 2018 ሲደመር 7518 ይሆናል። ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል፤ ከትርፉ አንድ ሲቀነስ 12። ይህ ወንበር ይባላል። ወንበሩ በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ 12 ይቀራል፤ አበቅቴ ነው። በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ 18 ይቀራል፤ መጥቅዕ ነው። መጥቅዕ ከ14 ስለበለጠ በመስከረም ይውላል። መስከረም 18 እሑድ ነው፤ የእሑድ ተውሳክ 7 ነው። 18 እና 7 ሲደመሩ 25። ስለዚህ ነነዌ ጥር 25 ሰኞ ገባ ማለት ነው። ከዚያ 69 ቀን ሲቆጠር ትንሣኤ ሚያዝያ 4 ላይ ይውላል። አለቀ።

ልብ በሉ፣ አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30 ናቸው። ሁልጊዜ ማለት ይቻላል እንዲሁ ነው። የቤተ ክርስቲያን ትውፊት ይህን ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ለድሜጥሮስ ይሰጣል። ከሌሊቱ 23 ሱባኤ፣ ከቀኑ 7 ሱባኤ ገባ ይባላል። 23 በ7 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ 11 ይተርፋል፤ 7 በ7 ተባዝቶ ሲገደፍ 19። ታሪኩን በእምነት የሚቀበለው ይቀበለው፤ ቁጥሩ ግን ለማንም ይሠራል። የጨረቃ ዓመት 354 ቀን፣ የፀሐይ ዓመት 365 ቀን ነው፤ ልዩነታቸው 11። 19 ዓመት ሲሞላ ሁለቱ ተመልሰው ይገናኛሉ።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማያስተውለው ነገር አለ። በባሕረ ሐሳብ ውስጥ ያለችው ጨረቃ የሰማይዋ ጨረቃ አይደለችም። የሐሳብ ጨረቃ ናት። በስሌቱና በሰማዩ መካከል ያለችው ጥቂት ስንጥቅ በብዙ መቶ ዓመታት ሰፍታ፣ ዛሬ ሁለቱ ጨረቃዎች በቀናት ተለያይተዋል። ሮማውያን ተመሳሳይ ክፍተት አይተው በ1582 እ.ኤ.አ. ከዘመን መቁጠሪያቸው 10 ቀን ቆርጠው ጣሉ። ኢትዮጵያ አልቆረጠችም። ሆኖም የሞጣው ደብርና የሞያሌው ደብር በአንድ ቀን ይጾማሉ፤ በአንድ ቀን ይፈስካሉ። መሣሪያው ልብ ወለድ ነው፤ የሚያስማማው ሕዝብ ግን እውነተኛ ነው። ኃይሉም ያለው ከሰማይ ጋር በመግጠሙ ሳይሆን፣ ሕጉ ለሁሉም አንድ በመሆኑና ማንም ተማሪ ቆጥሮ ሊያረጋግጠው በመቻሉ ነው።

አሁን ከደብሩ ወጥተን ወደ ቢሮው እንግባ።

አንድ የሞጣ ልጅ ጥቅምት 5 ቀን 1990 ዓ.ም. ተወለደ እንበል። ትክክለኛው የአውሮፓ ቀን ኦክቶበር 15 ቀን 1997 ነው። አንዱ ጸሐፊ «ስምንት ደምር» ብሎ 1998 ይጽፍለታል። ከመስከረም 1 እስከ ታኅሣሥ 21 ወይም 22 ድረስ የሚደመረው ሰባት መሆኑ አልታሰበውም። ሌላው ወሩንም ሳይነካ 5/2/1998 ብሎ ይተወዋል፤ ውጭ ያለው አንባቢ ፌብሩዋሪ ወይም ሜይ ብሎ ያነበዋል። ልጁ ለትምህርት ዕድል ሲያመለክት የትምህርት ማስረጃው አንድ ቀን፣ ፓስፖርቱ ሌላ ቀን፣ የልደት ምስክር ወረቀቱ ሦስተኛ ቀን ይናገራል። ሦስት ጊዜ አልተወለደም። ቀኑን ያገላበጡት ሦስት ሰዎች ሦስት ሕግ ስለነበራቸው ነው። ያንን ለማስተካከል የሚመላለሰው ግን እሱ ነው፤ የመኪናውንም የአልጋውንም የሚከፍለው አባቱ ነው።

የሰዓቱም ነገር ከዚህ አይሻልም። በቀጠሮ ወረቀት ላይ «9፡00» ተብሎ ቢጻፍ፣ ለኮምፒውተሩ ጠዋት 3 ሰዓት ነው፤ ከገጠር ለመጣችው እናት ግን ከቀኑ 9 ሰዓት ነው። ልጇን አዝላ በሰዓቷ ትደርሳለች፤ ተራው ካለፈ ስድስት ሰዓት ሆኖታል። «ለምን አረፈድሽ?» ትባላለች። አላረፈደችም።

ለዚህ ሁሉ «ስልኩ ያውቃል» የሚል መልስ አለ። መቀየሪያ መተግበሪያዎች ሞልተዋል፤ ጥሩም ናቸው። ግን ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለረጅም ጊዜ ተቋርጦ እንደነበር የጎጃም ሰው አይረሳውም። ያን ጊዜም ጾሙ በቀኑ ገባ፤ ፋሲካውም በቀኑ ዋለ። አንድም ደብር ቀኑን ለመጠየቅ ኔትወርክ እስኪመጣ አልጠበቀም። በሰው ጭንቅላት ውስጥ ያለ ሕግ ማብሪያ ማጥፊያ የለውም።

አንዳንዱ ወዳጅ «እንግዲያውስ የራሳችንን ትተን የዓለሙን እንያዝ» ይላል። ሌላው ደግሞ «የፈረንጁ ከደጃችን አይድረስ» ይላል። ሁለቱም ችግሩን አልነኩትም። ሁለት አቆጣጠር መኖሩ ማንንም አልጎዳም፤ አባቶች የፀሐይንና የጨረቃን አቆጣጠር ጎን ለጎን ይዘው ኖረዋል። የሚጎዳው በሁለቱ መካከል ያለው ድልድይ የማንም አለመሆኑ ነው። አበቅቴን ያለ መጥቅዕ የሚቆጥር መሪጌታ የለም፤ አንዱ ከሌላው ጋር 30 ካልሞላ ስህተት እንዳለ ወዲያው ያውቃል። በቢሮ ውስጥ ግን ስህተቱን የሚያሳይ ምንም ማመሳከሪያ የለም።

መፍትሔው ውድ አይደለም። በማንኛውም ወረቀት ላይ ቀኑ በሁለቱም አቆጣጠር ይጻፍ፤ አንዱ ለሌላው ምስክር ይሆናል። ወሩ በቁጥር ብቻ ሳይሆን በስሙ ይጻፍ። ሰዓቱ ጠዋት፣ ከቀኑ፣ ከምሽቱ ወይም ከሌሊቱ የሚል ቃል ይኑረው። ሰባት የሚደመርበትና ስምንት የሚደመርበት ወቅት እንደ ማባዣ ሰንጠረዥ በአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ይሰጥ። ለዚህ በጀትም አዋጅም መጠበቅ አያስፈልግም፤ ጸሐፊው ነገ ጠዋት ሊጀምረው ይችላል።

በፀሐይና በጨረቃ መካከል ያለውን 11 ቀን ለማስታረቅ የተቻለበት አገር ውስጥ፣ በአንድ ልጅ ልደትና በአንድ ማኅተም መካከል ያለውን ቀን ማስታረቅ ሊያቅት አይገባም።