ፕለጊኑ አልጠፋም፤ ዙሪያው ተለውጦ ነው

አቀናባሪው የቆየ ሥራውን ሲከፍት ከበሮውም ቤዙም የድምፃዊው ቅጂም በቦታቸው አሉ፤ ዜማውን የሚያጅበው ሲንቴሳይዘር ብቻ ጠፍቷል። በምትኩ «ፕለጊኑ አልተገኘም» የሚል አጭር መልእክት ይታያል። ብዙዎች ወዲያው አጥፍተው እንደገና ይጭኑታል። ፕለጊኑ ግን አብዛኛውን ጊዜ ደህና ነው።

ሰርጅ የተባለውን ነፃ ሲንቴሳይዘር እንውሰድ። ሠሪው ክላስ ዮሃንሰን እ.ኤ.አ. በ2018 ኮዱን ለሁሉም ክፍት አደረገው፤ በጎ ፈቃደኞች አሳደጉትና በ2022 ሰርጅ ኤክስቲ ወጣ። ስማቸው ቢቀራረብም የሙዚቃ ሶፍትዌሩ የሚያያቸው እንደ ሁለት የተለያዩ ፕለጊኖች ነው። ስለዚህ በአሮጌው ሰርጅ የተሠራ ዘፈን፣ ኤክስቲ ብቻ በተጫነበት ኮምፒውተር ላይ ሲንቴሳይዘሩን ያጣዋል። ሁለቱን ጎን ለጎን መጫን ይቻላል፤ ችግሩም በዚሁ ይፈታል። የአሮጌውን ፕሪሴቶች አዲሱ ይከፍታቸዋል።

ሌላው ምክንያት ፕለጊኖች ከሙዚቃ ሶፍትዌር ጋር ከሚገናኙበት መስፈርት፣ ከቪኤስቲ፣ ታሪክ ይመጣል። የሙዚቃ ሶፍትዌር ኩባንያው ስታይንበርግ ቪኤስቲን በ1996፣ ቪኤስቲ 3ን በ2008 አወጣ፤ በ2018 ደግሞ ለቪኤስቲ 2 አዲስ ፈቃድ መስጠት አቆመ። ሰርጅ ኤክስቲም በቪኤስቲ 2 አይቀርብም፤ ስለዚህ ቪኤስቲ 2ን ብቻ የሚያነብ ሶፍትዌር አያገኘውም። የቪኤስቲ 3 ፋይል በዊንዶውስ ላይ የታወቀ ቦታ አለው፤ ፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ፣ ኮመን ፋይልስ ሥር፣ ቪኤስቲ 3 በሚባለው ፎልደር። ዲስክ ለማቅለል ብሎ ወደ ሌላ ቦታ ያዛወረው ሰው ሶፍትዌሩ ፈልጎ ቢያጣው አይገርምም።

ከሁሉም አታካቹ የተከለከሉ ፕለጊኖች ዝርዝር ነው። ሶፍትዌሩ ፕለጊኖችን በሚፈትሽበት በስካን ጊዜ አንዱ ከተሰናከለ ብዙ ሶፍትዌሮች ስሙን መዝግበው በሚቀጥለው ጊዜ ያልፉታል። አቀናባሪው የፕለጊኑን አፕዴት ቢጭንም ስሙ ከዝርዝሩ ካልተነሳ ለውጥ አያይም፤ ሎጂክ ፕሮን በመሰሉት ላይ ከፕለጊን ማኔጀሩ ገብቶ እንደገና ስካን ማስደረግ ያስፈልጋል። ከዚያ በፊት ግን አንድ ቀላል ፍተሻ አለ። ሰርጅ ኤክስቲ ያለ ሌላ ሶፍትዌር ብቻውን የሚከፈት ቅጂ ስላለው፣ እሱ ድምፅ ካወጣ ጥፋቱን በፕለጊኑና በሙዚቃ ሶፍትዌሩ መካከል ባለው ግንኙነት መፈለግ ነው። ይህ ፍተሻ ብቻውን ብዙ ከንቱ ልፋት ያስቀራል።

ስካንም የማያድነው ሁኔታ አለ። የ2019ኙ ማክ ኦኤስ ካታሊና ባለ 32 ቢት ፕሮግራሞችን ጨርሶ አይቀበልም፤ አዲስ ቅጂ ያልወጣላቸው ፕለጊኖች በዚያ ላይ አይሠሩም። በእንዲህ ያሉ ፕለጊኖች የተሠራ ሥራ ያለው አቀናባሪ ሲስተሙን አፕዴት ከማድረጉ በፊት የእያንዳንዱን ሲንቴሳይዘር ትራክ ወደ ኦዲዮ ፋይል ለውጦ፣ የፕለጊኑን መጫኛም አብሮ ያስቀምጥ።