ስለ አንዲት ሻማና ስለ ቀጫጭን የፊዚክስ መጻሕፍት

ባለፈው ሰሞን መብራት በጠፋበት በአንድ ምሽት፣ የእኅቴ ልጅ ለ12ኛ ክፍል ፈተናዋ ስትዘጋጅ፣ ጠጋ ብዬ በሻማ ብርሃን የምታነበውን ብመለከት፣ ተማሪዎች «ሾርት ኖት» የሚሉት፣ ከሌላ ሰው ደብተር የተገለበጠ፣ ፎርሙላ በፎርሙላ ላይ የተደረደረበት፣ የአራት ዓመት ፊዚክስ በ19 ገጽ የተጠቀለለበት ወረቀት ሆኖ አገኘሁት። ልጂቱ ትጉህ ናት፤ ከዚያ ወረቀት የጠየቅኋትን ሁሉ ሳትደናቀፍ መለሰችልኝ። ነገር ግን በመካከላችን የቆመችውን ሻማ አመልክቼ፣ «ይህ ሰም ከታች ተነሥቶ ወደ እሳቱ የሚወጣው እንዴት ነው?» ብዬ ብጠይቃት ዝም አለች፤ ዝምታዋም የስንፍና አልነበረም፣ እንዲህ ያለው ነገር በፊዚክስ እንደሚጠየቅ እስከዚያ ቀን ድረስ የነገራት ሰው ስላልነበረ ነው እንጂ።

ጥያቄውን እኔም የተማርሁት ከአንድ ቀጭን መጽሐፍ ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1860 ዓ.ም. በልደት በዓል ሰሞን (ወደ ፊት የምጠቅሳቸውም ዓመታት በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)፣ በለንደን ከተማ ሮያል ኢንስቲትዩሽን በተባለው የዕውቀት ማኅበር አዳራሽ፣ ማይክል ፋራዴይ የ69 ዓመት ሽማግሌ ሆኖ፣ ፊት ለፊቱ ለተቀመጡ ልጆች ስለ አንዲት ሻማ ማስተማር ጀመረ። ይህ ሰው በ1831 ዓ.ም. ማግኔት በሽቦ ጥቅልል ውስጥ ሲንቀሳቀስ ኤሌክትሪክ እንደሚወለድ ያሳየ፣ ዛሬ ከወንዞቻችን ግድብ የምናገኘው መብራት ሁሉ እርሱ በገለጠው ሕግ የሚሠራ፣ በሊቃውንት ጉባኤ ቢቆም የሚናገረውን የማያጣ ሰው ነበረ፤ ሆኖም ለልጆቹ የመረጠላቸው በየቤታቸው የምትገኘውን ሻማ ነው። ስድስቱ ትምህርቶች ቃል በቃል ተጽፈው በ1861 ዓ.ም. «የሻማ ኬሚካዊ ታሪክ» በሚል ስም ታተሙ፤ ስሙ የኬሚስትሪ ይሁን እንጂ ከውስጡ የሚገኘው ፊዚክስ ጥቂት አይደለም።

በዚያች ምሽት መጽሐፉ የሚያስተምረውን ከልጂቱ ጋር ባንድነት ማየት ጀመርን። በመጀመሪያ የሻማዋ ራስ ለምን እንደ ጽዋ እንደ ጎደጎደ ተመለከትን፤ ይኸውም ነበልባሉ ያሞቀው አየር ወደ ላይ ሲወጣ ቀዝቃዛው አየር በሻማዋ ጎንና ጎን እየተሳበ ስለሚመጣ፣ መካከሉ ሲቀልጥ ዳር ዳሩ ቀዝቅዞ ይቀራል፣ የቀለጠው ሰምም ሳይፈስ በዚያ ጽዋ ውስጥ ይጠራቀማል። ሻማዋን ነፋስ ወዳለበት ወደ መስኮቱ ባስጠጋናት ጊዜ ነበልባሉ ወደ አንድ ወገን አዘንብሎ የጽዋውን ከንፈር በላው፣ ሰሙም በጎኗ ፈሰሰ። ከዚህ በኋላ የነጠላዋን ጫፍ ውኃ ባለበት ብርጭቆ ውስጥ ነከር አድርጋ እንድትይዝ ነገርኋት፤ ርጥበቱ ማንም ሳይገፋው በፈትሉ መካከል እየሰረገ ሽቅብ ሲወጣ አየች፣ ሰሙም በሻማዋ ክር ላይ የሚወጣው በዚሁ ጠባይ መሆኑን ሳልነግራት ራሷ ተናገረች።

ከሁሉ ይልቅ ልቧን የነካው ግን ቀጥሎ ያደረግነው ነው። ሻማዋን በዝግታ እፍ ብዬ ባጠፋኋት ጊዜ ከክሩ ጫፍ ነጭ ጢስ እንደ ገመድ ተስቦ ወጣ፤ ወዲያውም ክብሪት ጭሬ ክሩን ሳልነካ፣ ሁለት ጣት ያህል ከፍ አድርጌ ጢሱን ብቻ ባስነካው፣ እሳቱ በጢሱ ላይ ቁልቁል ሮጦ ክሩን መልሶ አበራው። «ጋሼ፣ ድገመው!» አለችኝ፤ ሦስት ጊዜ ደገምሁት፣ አራተኛውን እርሷ አደረገችው። ጢስ ያልነው ነገር ወደ ትነት የተለወጠው ሰም ራሱ ነው፤ በነበልባሉ ውስጥ የሚነደውም የደረቀው ሰም አይደለም፣ የቀለጠውም አይደለም፣ ይኸው ትነት ነው። ቀዝቃዛ ማንኪያ በነበልባሉ ቢጫ ክፍል ላይ ስንይዝ ጥላሸት ያዘ፤ እነዚያ የካርቦን ብናኞች በነበልባሉ ውስጥ ግለው ባያበሩ ኖሮ ብርሃኑ እንዲህ ባልደመቀ ነበር። ቀዝቃዛ ብርጭቆ ከነበልባሉ በላይ ብንደፋ ደግሞ ውስጡ በጉም ተሸፈነ፣ ይህም ከእሳት የተወለደ ውኃ ነው። ፋራዴይ በመጨረሻው ትምህርቱ በሻማዋ የሚሆነውን ነገር ወደ ሰው እስትንፋስ ወስዶ፣ በሥጋችንም ውስጥ እንዲህ ያለ የዝግታ መንደድ እንዳለ ያሳያል። ቅኔ የተማረ ሰው «ሰምና ወርቅ» የሚለውን ቃል እዚህ ላይ ቢያስታውስ ያለ ምክንያት አይሆንም፤ ሰሙ በእርግጥ ሰም ነው፣ ወርቁ ደግሞ እኛው ራሳችን ነን።

ስለ ፋራዴይ ስናገር ስለ እርሱ አስተማሪ ሳልናገር ባልፍ ዐመፃ ይሆንብኛል። ፋራዴይ የብረት ሠሪ ልጅ ነበረ፤ በ14 ዓመቱ ወደ አንድ መጽሐፍ ጠራዥ ቤት ለሥራ ትምህርት ገባ፣ ሊጠረዙ የመጡትንም መጻሕፍት ከሥራው መካከል ያነብ ነበር። ከእነዚህ አንዱ ጄን ማርሴት የተባለች ሴት በ1806 ዓ.ም. ያሳተመችው፣ አንዲት አስተማሪ ከሁለት ልጃገረዶች ጋር ስለ ኬሚስትሪ የምትነጋገርበት መጽሐፍ ነበረ። ፋራዴይ በዝና ከከበረ በኋላም ቢሆን ይህችን ሴት እንደ መጀመሪያ መምህሩ አድርጎ ከማመስገን አልተቈጠበም። በአገራችንም ብራናውን በቆዳ ሲለብጥና ሲደጉስ ንባቡን የሚማር ደጓሽ መኖሩን ለምናውቅ ለእኛ፣ ይህ ታሪክ እንግዳ አይሆንብንም።

እንግዲህ ሐሳቤ ይህ ነው፤ አጭርነት ሁሉ አንድ አይደለም። ሾርት ኖቱ ውጤቱን ይዞ ምክንያቱን ይጥላል፤ መልካሙ አጭር መጽሐፍ ግን ምክንያቱን አጥብቆ ይዞ ከውጤቶቹ አብዛኞቹን ይተዋል። የቅኔ መምህራን ለጀማሪ ደቀ መዝሙር በመጀመሪያ የሚሰጡት ጉባኤ ቃናን ነው፤ ጉባኤ ቃና ሁለት ቤት ብቻ ናት፣ ዳሩ ግን ምሥጢሯ የጎደለ እንደ ሆነ አጭር ናት ተብላ አትማርም። ጀማሪው በሁለት ቤት ይፈተናል፣ ሊቁም ቢሆን በሁለት ቤት ይመዘናል፤ መወድስ የሚያወርድ መሪጌታ ጉባኤ ቃናን ሲቀኝ ከስንት ሐሳብ መርጦ ስንቱን እንደ ጣለ የሚያውቀው እርሱ ብቻ ነው።

በፊዚክስም እንዲሁ ነው። ጄምስ ክለርክ ማክስዌል ኤሌክትሪክንና ማግኔትን በሁለት ታላላቅ ጥራዝ ጽፎ በ1873 ዓ.ም. ካሳተመ ከሦስት ዓመት በኋላ፣ «ቁስና እንቅስቃሴ» የምትባል ትንሽ መጽሐፍ አወጣ፤ ያሳተመለትም በእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን ሥር ክርስቲያናዊ ዕውቀትን ለማስፋፋት የተቋቋመው ማኅበር ነበረ። ኤንሪኮ ፌርሚም በ1936 ዓ.ም. በበጋ በኒውዮርክ በኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ያስተማረውን ቴርሞዳይናሚክስ በማግሥቱ ዓመት በ160 ገጽ ያህል አሳተመው፤ ዩኒቨርሲቲ የገባ ተማሪ ቢያገኘው እርሳስና ወረቀት ይዞ እያንዳንዱን መስመር ይከተል፣ በምዕራፉ መጨረሻ ያሉትንም ጥያቄዎች ሳይሠራ ወደሚቀጥለው አይለፍ እላለሁ።

አልበርት አይንሽታይን በ1917 ዓ.ም. ስለ ሬላቲቪቲ ለሕዝብ ያሳተመው መጽሐፍ የመጀመሪያው የጀርመንኛ እትም 70 ገጽ ያህል ብቻ ነበረ። በመቅድሙ ላይ ከአንባቢው የሚጠብቀውን የትምህርት ደረጃ ሲወስን ለዩኒቨርሲቲ መግቢያ ፈተና የሚበቃ ይላል፤ ይህም በእኛ አገር «ማትሪክ» ይባል የነበረው ነው። ከዚህም ሌላ ብዙ ትዕግሥት ይጠይቃል። በዚያው መቅድም፣ ነገሩ እንዲገለጥ ሲል ደጋግሞ እንደሚናገርና የአነጋገር ውበትን ለልብስ ሰፊና ለጫማ ሰፊ እንተወው ያለውን የፊዚክስ ሊቁን የቦልትዝማንን ምክር እንደ ተከተለ ይነግረናል። ይህንን ባነበብሁ ጊዜ እጅግ ተደነቅሁ፤ ቦታ የጠበበው ሰው ድግግሞሽን ይሸሻል ብዬ አስብ ነበርና።

ድግግሞሹ ስለ ምን እንዳስፈለገ የሚገባው ግን በዚሁ መጽሐፍ ስለ አንድ ባቡር የጻፈውን ላነበበ ሰው ነው። መብረቅ በሐዲዱ ሁለት ስፍራ ላይ ይወድቃል፤ በሁለቱ ስፍራዎች እኩሌታ ላይ በሐዲዱ ዳር የቆመው ሰው ሁለቱን ብልጭታዎች ባንድ ጊዜ ያያል። መብረቁ ሲወድቅ በዚሁ ሰው ትይዩ የነበረውና በባቡሩ ውስጥ የተቀመጠው ግን ወደ አንደኛው እየሮጠ ከሌላው እየራቀ ስለሚሄድ የፊተኛውን አስቀድሞ ያያል። የብርሃን ፍጥነት ለሁለቱም አንድ ከሆነ፣ ለአንዱ «ባንድ ጊዜ» የሆነው ለሌላው «ባንድ ጊዜ» አይደለም፤ ከሁለቱም ተሳስቷል የሚባል የለም። ይህንን ገጽ አንድ ጊዜ አንብቦ ገባኝ የሚል ሰው ቢኖር መልሶ እንዲያነበው እመክረዋለሁ፤ እኔ በአራተኛው ንባቤ ነው ደንገጥ ያልሁት።

ሪቻርድ ፋይንማን በአራት ትምህርት የሰጠውና በ1985 ዓ.ም. የታተመው ስለ ብርሃንና ቁስ የሚናገረው መጽሐፍም ከዚሁ ወገን ነው። ማታ በታክሲ መስኮት አጠገብ የተቀመጠ ሰው መንገዱን እያየ የራሱን ፊት ደግሞ በመስታወቱ ላይ ያያል። ፋይንማን ከዚህ ከሚቀራረብ ነገር ይነሣል፤ በመስታወት አንድ ገጽ ላይ ከሚወድቁ 100 የብርሃን ቅንጣቶች በአማካይ 4 ይመለሳሉ፣ 96 ያልፋሉ፤ የኋላው ገጽ ሲጨመር ግን የሚመለሱት በመስታወቱ ውፍረት ልክ ከ0 እስከ 16 ይደርሳሉ። እንግዲህ ከፊተኛው ገጽ የሚመለሰው ቅንጣት ከኋላው ያለውን ውፍረት በምን ዐወቀው? ፋይንማን ለዚህ ከባድ ቀመር አልጻፈም፣ ትንንሽ ቀስቶችን እየሣለ አንዱን ከሌላው ጫፍ እየቀጠለ ደመረ እንጂ። ሊቃውንቱ በቀመር የሚያገኙትም መልስ ያው ነው፤ ሥራው ብቻ ረዘመ፣ ነገሩ ግን አልተዋሸም። ይህ አለመዋሸት ነው እኔን ከመጽሐፉ ጋር ያቈራኘኝ።

በዚህ አንጻር ሲታይ፣ ኢጣሊያዊው ካርሎ ሮቬሊ በ2014 ዓ.ም. ያሳተማት የሰባት አጫጭር ትምህርቶች መጽሐፍ ውብ ናት፣ ለፊዚክስ ባይተዋር የሆነ ሰው በአንድ ምሽት ቢያነባት ይባረክባታል፤ ለተማሪ ግን ብቻዋን አትበቃም፣ መዓዛውን ታስሸትታለች እንጂ እንጀራውን አታበላምና።

እኔን የሚቈጨኝ ነገር፣ እነዚህ ቀጫጭን መጻሕፍት በአማርኛ ተጽፈው በእጃችን አለመብዛታቸው ነው። የእኅቴ ልጅ በልጅነቷ ሳይንስን በአማርኛ ስትማር ቈይታ ሁለተኛ ደረጃ ስትገባ መጽሐፉ ሁሉ እንግሊዝኛ ሆነባት፤ ከዚያ ወዲህ አንዱ ዐይኗ በፊዚክሱ ሌላው ዐይኗ በቋንቋው ላይ ነው። ለእንዲህ ያለች ተማሪ 1000 ገጽ ያለው መጽሐፍ ተራራ ነው፤ ወደ 19 ገጹ ሾርት ኖት ብትሸሽ አልፈርድባትም። አጭር መጽሐፍ በገዛ ቋንቋዋ ብታገኝ ግን፣ እንግሊዝኛው በኋላ ሲመጣ የሚያርፍበት ሥፍራ ያገኛል፤ ጢሱ በክብሪት ሲቃጠል ያየች ልጅ የትነትን ስም በየትኛውም ቋንቋ ብትሰማ አትረሳውምና።

ስለዚህም ከዚያች ምሽት ወዲህ፣ የደራሲ መብቱ ከረጅም ዘመን በፊት ያለፈውን የፋራዴይን መጽሐፍ በየማታው ጥቂት ጥቂት እየተረጐምሁ ነው። የመጀመሪያውን ትምህርት ለመጨረስ ጥቂት ገጾች ቀርተውኛል። በሻማዋ ራስ ላይ የሚጎደጉደውን «ጽዋ» ብዬዋለሁ፤ ፈሳሹ በክሩ ላይ ሽቅብ የሚወጣበትን ጠባይ ግን ምን ልበለው ብዬ ሳምንት ያህል ተጨነቅሁ። «መሳብ» ብለው ክሩ የሚጎትት ይመስላል፣ «መውጣት» ብለው ሰሙ በራሱ የሚነሣ ይመስላል። ሸማ የምትሠሩ፣ ፈትል የምታቀልሙ፣ ጧፍ የምታዘጋጁ ወዳጆቼ በየሙያችሁ ለዚህ የምትጠቀሙበት ቃል ካለ ብትጽፉልኝ ውለታችሁ ትልቅ ነው። ለጊዜው የእኅቴ ልጅ ነጠላዋን ከብርጭቆው አውጥታ እያየች የተናገረችውን እንዳለ አስገብቼዋለሁ፤ «ክሩ ሰሙን ይጠጣዋል» ይላል።