ሄኖክ ስላያቸው የዘመን ደጆች

ወደ ሩቅ አገር ሄዶ ያየውን የጻፈ ሰው ብዙ ነው፤ ወደ ዘመን አገር ሄዶ የጻፈ ግን ጥቂት ነው። አቤሜሌክ ከዛፍ ጥላ ሥር ተኝቶ 66 ዓመት መሻገሩ የታወቀ ነው፤ ዳሩ ግን ሲነቃ ያልጠወለገ በለስ አገኘ እንጂ የተሻገረበትን መንገድ አላየም። ሄኖክ ግን ዓይኑን ገልጦ ሄደ። መልአኩ ዑራኤል እየመራው ፀሐይ የምትወጣባቸውን 6 ደጆች በምሥራቅ፥ የምትገባባቸውን 6 ደጆች በምዕራብ አየ፤ የነፋሳትንም 12 ደጆች አየ፤ በጊዜያቸው ስላልወጡ የታሰሩትን 7 ከዋክብት አየ። (ጊዜውን ያላከበረ ኮከብ ከታሰረ፥ ማኅበር በተጠራበት ሰዓት የማንገኝ እኛ ምን እንሆን ይሆን?) ያየውንም ጽፎ ለልጁ ለማቱሳላ አስረከበው።

ይህ መጽሐፍ ምሉዕ ሆኖ የተገኘው በግእዝ ብቻ ነው። እኛ ከ81ዱ መጻሕፍት ጋራ ቈጥረን ስናነበው በኖርንበት ዘመን የአውሮጳ ሊቃውንት ከይሁዳ መልእክትና ከጥቂት የግሪክ ጥቅሶች በቀር አያውቁትም ነበር። በ18ኛው መቶ ዓመት ጄምስ ብሩስ ከአገራችን 3 ቅጂ ይዞ ተመለሰ፤ ሎረንስ በ1821 እ.ኤ.አ. ወደ እንግሊዝኛ መለሰው፤ ዲልማን የግእዙን ንባብ በ1851 እ.ኤ.አ. አሳተመው። ኋላም በ1952 እ.ኤ.አ. በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻ በአራማይክ ቋንቋ የተጻፉ ቍርጥራጭ ብራናዎች ተገኙ፤ ስለ ብርሃናት የሚናገረውም ክፍል በእነርሱ ውስጥ አለ።

አሁን ወደ ጭንቁ ነገር ልምጣ። በኮልፌ ቀራንዮ ጎረቤቴ የሆነ አንድ የሒሳብ መምህር ይህን መጽሐፍ አንብቦ ጠየቀኝ፤ ጥያቄውም የሚናቅ አይደለም። ሄኖክ የዓመቱን ቀን 364 ይለዋል፤ ቤተ ክርስቲያን ግን በባሕረ ሐሳብ 365 ከሩብ ትቈጥራለች። ኦሪት እንኳ የሄኖክን የራሱን ዕድሜ 365 ዓመት ማድረጓ ይገርማል። ደግሞም ሄኖክ ቀንና ሌሊቱን በ18 ክፍል ከፍሎ፥ በረዥሙ ቀን 12ቱን ለብርሃን 6ቱን ለጨለማ ይሰጣል፤ ይህም በእኛ አቈጣጠር 16 ሰዓት ብርሃን ማለት ነው። በአዲስ አበባ ረዥሙ ቀን ከ12 ሰዓት ተኩል እምብዛም አያልፍም። እንግዲህ መልአክ የመራው ሰው እንዴት ይሳሳታል? ካልተሳሳተስ እናንተ ስለምን በሌላ ቍጥር ትጾማላችሁ? ይህ ነው ጥያቄው።

አንዳንድ ሰው የጸሓፊ ስሕተት ነው ብሎ ያልፋል። አይደለም። ቍጥሩ በ4 ወቅት ተከፍሎ፥ እያንዳንዱ ወቅት 91 ቀን፥ ወራቱም 30፥ 30፥ 31 እየሆኑ ተሰድረዋል፤ ኩፋሌም ይህንኑ 364 አጥብቆ ያዝዛል፤ በቁምራን የተገኙት የዘመን አቈጣጠር ጽሑፎችም በዚሁ ይሄዳሉ። ሌላው ደግሞ በኃጥኣን ዘመን ዓመታት ያጥራሉ የተባለውን ይዞ ሰማይ ከዚያ ወዲህ ተለወጠ ይላል። ይህም መልስ ሳይሆን ማምለጫ ነው፤ ዓመት አጥሮ ቢሆን ኖሮ ከ364 ያንስ ነበር እንጂ ወደ 365 ባልወጣም።

የ364 ውበት ሌላ ነው። በ7 ሲካፈል 52 ይሆናል፥ ምንም አይተርፍም። ስለዚህ ሄኖክ ባየው አገር ሰኞ የዋለ ቀን ለዘለዓለም ሰኞ ይውላል። ፀሐይ ግን አትከተለውም፤ በየዓመቱ አንድ ቀን ከሩብ ያህል ትዘገያለች። በዚህ ቍጥር ብንመራ በ50 ዓመት ውስጥ እንቍጣጣሽ ወደ ሐምሌ መጀመሪያ ይወርድና፥ ልጃገረዶች አበባየሆሽ የሚሉት ዐደይ ሳይፈነዳ፥ በኮልፌ ጭቃ መካከል ይሆን ነበር። አባቶች ይህን አላጡትም፤ ጾምና በዓል ከክረምትና ከበጋ ጋራ የሚስማሙበትን ቍጥር ያዙ። መጽሐፉን ግን አልጣሉም። ስለምን እንዳልጣሉት የገባኝ እናቴ ከሞተች በኋላ ነው።

እናቴ በ2015 ዓ.ም. ጳጉሜን 6 ቀን ሰኞ ዐረፈች። ዘመኑ ሉቃስ ነበረና ጳጉሜን 6 ሆናለች። አርባዋ ጥቅምት 9 ቀን ዋለ፤ በዚህ ክርክር አልተነሣም። ሙት ዓመቷ ሲደርስ ግን የ2016ቱ ጳጉሜን በ5 አለቀች። ታላቅ ወንድሜ በ5 ይሁን አለ፤ አክስቴ ደግሞ ከ5 ቀጥሎ ያለው መስከረም 1 ነውና በዚያ ይሁን አለች፤ በአዲስ ዓመት በዓል ማን ተዝካር ያወጣል ተባብለው ለአንድ ሳምንት ሳይነጋገሩ ቀሩ። እኔ በሄኖክ ቍጥር ብቈጥር ጳጉሜን 4 ሰኞ ሆነልኝ፤ ሦስተኛ ጠብ እንዳይሆን ግን ዝም አልሁ። በመጨረሻ የንስሓ አባታችን በ5 እንዲሆን ቈረጡና በቀራንዮ መድኃኔ ዓለም ፍትሐት ተደረገላት።

ያን ሰሞን ደጋግሜ ያነበብሁት ስለ 4ቱ ቀኖች የሚናገረውን ክፍል ነበረ። 12 ወር በ30 ቢባዛ 360 ነው፤ 4ቱ ቀኖች በየወቅቱ አንዳንድ ሆነው ይጨመራሉ። ሰዎች እነዚህን ከቍጥር ስለሚያስቀሩ ይስታሉ ይላል ሄኖክ፤ መልአኩ ግን ወቅትን ከወቅት የሚለዩ አለቆች በእነዚህ ቀኖች ላይ ቆመው አሳየው። የእኛም ጳጉሜን ስሟ ከግሪክ የመጣ ሆኖ ትርጓሜው ተጨማሪ ማለት ነው። የደመወዝ መዝገብ አያውቃትም፤ የቤት ኪራይ አይጠየቅባትም፤ እንደ ትርፍ ትታያለች። ቤተ ክርስቲያን ግን ትጾምባታለች፥ በ3ኛዋም ቀን ቅዱስ ሩፋኤልን ታከብርባታለች። በእኔ ቤትም ከዚያች ከ6ኛዋ የሚበልጥ ቀን የለም።

ለመምህሩም ይህንኑ ነገርሁት፤ ሄኖክ የታየው ጾም ሊያወጣበት አይደለም፥ የትኛውም ቀን ያለ ጠባቂ እንዳልተተወ እንዲያይ ነው አልሁት። እርሱ አልተስማማም፤ አንዱን ቀን ከሩብ ማን ይከፍላል ብሎ ሳቀብኝ። እኔም ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጽር በስተ ምዕራብ ወጨጫን አሳየሁት፤ በታኅሣሥ ፀሐይ ከተራራው በስተ ግራ ትገባለች፥ በሰኔም ደመና ካልከለከለ በስተ ቀኝ። በዓመቱ ውስጥ ሄዳ ትመለሳለች። ደጆቹን መቍጠር የጀመረው እርሱ ራሱ ነው፤ እስከ 4 ቈጥሮ በ5ኛው ላይ ተከራከርን።

ከ2015 በኋላ ጳጉሜን 6 የምትመለሰው በ2019 ዓ.ም. ነው፤ ቅዳሜ ትውላለች። ወንድሜና አክስቴ በዚህ ተስማምተዋል።