ድርሰቱስ አባቱ ማነው?

ባለፈው ዓመት እኛ ጥቂት የባሕር ዳር ተማሪዎች ገንዘብ አዋጥተን፥ በጣና ዳር አንድ አጭር ፊልም ሠርተን ነበር። ፊልሙ በአዳራሽ በታየበት ዕለት በለጠፍነው ማስታወቂያ ላይ የተዋንያኑ መልክ፥ የአዘጋጁ ስም፥ ካሜራ ያዋሰን ሰው ስም እንኳ ሳይቀር ሰፍሯል። ታሪኩን የጻፈው ጓደኛችን ስም ግን የለበትም። ክፋት አስበን አይደለም፤ ረሳነው። እሱም ከኋላ ወንበር ተቀምጦ አየ፤ ከሰው ጋር አጨበጨበ፤ ወደ መኝታው ሄደ። ስሙ መቅረቱን ያወቅነው በማግሥቱ ማስታወቂያውን ስንነቅል ነው።

ነገሩ ስለ ከነከነን የአገራችንን ፊልም ታሪክ ማገላበጥ ጀመርን። በ1957 ዓ.ም. «ሂሩት አባቷ ማነው?» የተባለ ጥቁርና ነጭ ፊልም ተሠርቷል፤ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ረጅም ፊልም እየተባለ የሚጠራው ይኸው ነው። ያዘጋጀው ግሪካዊው ላምብሮስ ጆካሪስ ሲሆን፥ ድርሰቱን የጻፉትና ፊልሙን ያሠሩት አቶ ኢላላ ኢብሳ ናቸው። በየመኝታ ቤቱ እየዞርን ጠየቅን። የፊልሙን ስም የሰሙ ጥቂት አልነበሩም፤ የአቶ ኢላላን ስም የሰማ ግን አንድም አላገኘንም። አርእስቱ የሂሩትን አባት ይጠይቃል፤ የፊልሙን አባት የሚጠይቅ ግን ጠፋ።

ጸሐፊን መርሳት ከአባቶቻችን የወረስነው ነው እንዳንል፥ ምስክሩ ከደጃችን አለ። በጀልባ ተሻግረን ዘጌ፥ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ሄደን ሳለ፥ አንድ አባት የብራና መጽሐፍ ገልጠው የመጨረሻውን ቅጠል አሳዩን። ለጻፈው፥ ላጻፈው፥ ላነበበው፥ ለተረጐመውና ቃሉን ለሰማው ሁሉ ምሕረትን የሚለምን ጸሎት ነበረበት። ጸሐፊው ለምን እንደ ቀደመ ብንጠይቃቸው፥ «ልጆቼ፥ እሱ ካልጻፈ እኮ የቀሩት አራቱ የሉም» አሉን።

በፊልምም ያው ነው። ተዋናይ ከመናገሩ፥ ካሜራ ከመነሣቱ በፊት፥ አንድ ሰው ባዶ ወረቀት ፊት ተቀምጦ ማን በየት በር እንደሚገባ፥ ምን ተናግሮ የት ላይ ዝም እንደሚል ወስኗል። ሥራው ከሠመረለት ተመልካቹ ሰው ሲነጋገር ብቻ ነው የሚያየው፤ ወረቀቱ ትዝ አይለውም። እንግዲህ ደራሲው የሚረሳው ሥራውን አሳምሮ ስለ ሠራ ነው ማለት ነው።

ከዘጌ እንደ ተመለስን ጓደኛችንን ይቅርታ ጠየቅነው። «ኧረ ተዉት፥ ምንም አይደል» ብሎ ሳቀ። ሁለተኛ ድርሰት ግን እስከ ዛሬ አልሰጠንም።

ስለዚህ፥ ወንድሞችና እኅቶች፥ ፊልምም ሆነ ቴአትር ስታሳዩ፥ ማስታወቂያው ከመለጠፉ በፊት የአርእስታችንን ጥያቄ እርስ በርሳችሁ ተጠያየቁ። እኛ የጠየቅነው ከነቀልነው በኋላ ነው።