ሰባት ቤት ቆጠራና የዋሊያ ነገር

በደባርቅና በዳባት አካባቢ ለጋብቻ ሽማግሌ ከመላኩ በፊት ዝምድና ይቆጠራል። ይኸውም በእናትም በአባትም እስከ ሰባት ቤት ነው። ዳባት ላይ ያነጋገርኳቸው አንዲት እናት ‹‹አምስተኛው ቤት ላይ ተገናኙብኝ›› ብለው የልጃቸውን ጋብቻ ማፍረሳቸውን አጫውተውኛል። ልጅቱ ብዙ አልቅሳለች።

እኔ በበኩሌ፣ ቆጣሪዎቹ ይቅር ይበሉኝና፣ በአምስተኛ ቤት ይህን ያህል መጨከን የሚያስፈልግ አይመስለኝም። በዚያ ርቀት የቀረው የጋራ ውርስ እጅግ ጥቂት ነው። የአክስትና የአጎት ልጆች ግን በአማካይ ከውርሳቸው አንድ ስምንተኛውን ይጋራሉ። ሁላችንም ተሰውሮ የሚተላለፍ ጉድለት እንይዛለን፤ ጉዳቱ የሚገለጠው ሕፃኑ ያንኑ ጉድለት ከእናቱም ከአባቱም ሲወርስ ነው። ዝምድና ከሌላቸው ወላጆች ከ100 ሕፃናት 2 ወይም 3 ያህሉ ከባድ ጉድለት ይዘው ሲወለዱ፣ በአክስትና በአጎት ልጆች ጋብቻ ቁጥሩ ወደ እጥፍ ይጠጋል። እንግዲህ ‹‹ማኅፀኗ ነው›› እያሉ እናቲቱን ብቻ መውቀስ ምን ይባላል?

ለዋሊያስ ማን ይቁጠርለት? ከስሜን ተራሮች በቀር የትም አይገኝም። እ.ኤ.አ. በ2015 ከ800 በላይ የነበረው በ2024 ወደ 300 ገደማ ወርዷል። መንጋው ሲያንስ ዘመድ ከዘመዱ መዳቀሉ አይቀርም። ግልገሎቹ ደካማ ሊሆኑ ይችላሉ፤ በሽታ ሲገባም ውርሳቸው ተመሳሳይ በመሆኑ የሚቋቋመው ጥቂት ነው። የዳባቷ ልጅ ከሌላ ቀበሌ ባል ልታገባ ትችላለች፤ ለዋሊያ ግን ሙሽራ የሚመጣበት ሌላ አገር የለም።